በራቸውን ያልዘጉት አርቲስት ሰዓዲያ ሙክታር (1956 – 2006 ዓ.ም.)

ወገኖቼ፣ ዝናቡ ሳይደርስብን የእህታችንን የሕይወት ታሪክ እናሰማችኋለን። ሽማግሌዎች፣ እግራችሁን የሚያማችሁ፣ እባካችሁ አረፍ በሉ። ሰዓዲያም ብትሆን ሰው አቁማ ማውራት አትወድም ነበር። ወግ ስለሆነ ግን ከዚህ በኋላ አንቱ እንላታለን።

አርቲስት ሰዓዲያ ሙክታር በታኅሣሥ ወር 1956 ዓ.ም. በወሎ፣ በሐይቅ ከተማ፣ ከልብስ ሰፊው ከአቶ ሙክታር ሐቢብና ከወይዘሮ አሚራ ዳውድ ተወለዱ። ለቤቱ አራተኛ ልጅ ነበሩ። እናታቸው መንዙማ ሲያወጡ ድምፃቸው ሐይቁ ዳር ድረስ ይሰማ እንደነበር የምታስታውሱ አላችሁ፤ ሰዓዲያ ድምፁን የወረሱት ከእሳቸው ነው። ማስመሰሉን ግን ከማንም አልወረሱትም። አባታቸው መኪናው ላይ አጎንብሰው ሲሰፉ፣ ሰዓዲያ ከበስተኋላ ሆነው የደንበኛውን አረማመድ፣ የደንበኛውን ሳል፣ የደንበኛውን ክርክር ሁሉ ይሠሩት ነበር። አባታቸው ይቆጡና ዞር ብለው ይስቃሉ።

ከአንደኛ እስከ ስምንተኛ ክፍል እዚሁ ሐይቅ ተማሩ። በ1970 ዓ.ም. የቀበሌው ኪነት ሲቋቋም ስማቸውን አስመዘገቡ። አባታቸው «የኔ ልጅ ሰው ፊት ወጥታ ምን ልትሠራ ነው?» ብለው ከለከሉ። ኋላ የቡድኑን ልብስ የሚሰፋ ሰው ጠፍቶ ሥራው ለእሳቸው ሲሰጥ «እንግዲህ ልብሱ የኔ ከሆነ፣ ልጄም ትግባበት» ብለው ፈቀዱ።

በ1973 ዓ.ም. ደሴ፣ ወደ ክፍለ ሀገሩ የኪነት ቡድን አደጉ። ሰዓዲያ በቴአትር ላይ ሟች ሆነው ሲሠሩ የሚስተካከላቸው አልነበረም። አንድ ጊዜ እናታቸው ከሐይቅ መጥተው አዳራሹ ውስጥ ተቀምጠው ሳለ፣ ልጃቸው መድረክ ላይ ወድቀው ነፍሳቸው ወጣች። ወይዘሮ አሚራ «ልጄን! ልጄን!» እያሉ መድረኩ ላይ ወጡ። ሟቿ ሰዓዲያ ዓይናቸውን ሳይገልጡ፣ ከንፈራቸውን ሳያንቀሳቅሱ «እማዬ ውረጂ፣ አልሞትኩም፣ ሰው እያየን ነው» አሏቸው። ፊት ረድፍ ላይ የነበሩት ሰምተው እስከ ዛሬ ያወሩታል።

አንድ የሙያቸውን ነገር ደግሞ ልብ በሉልኝ። መድረክ ላይ ጥፊ የውነት አይመታም። መቺው እጁን በጉንጭ አጠገብ እልፍ ያደርገዋል፤ ተመቺው አንገቱን ወርወር አድርጎ የራሱን መዳፍ ታች ያጋጭና ጧ ያሰኛል። ሰዓዲያ ይህን ለአዲስ ገቢዎች ሲያስተምሩ «የሰው ፊት አይነካም» ይሉ ነበር። በቤታቸውም እንዲሁ ናቸው፤ ልጃቸው ሐቢብ አንድም ቀን በእናቱ እጅ ጥፊ አልቀመሰም።

በ1976 ዓ.ም. የቡድኑን አኮርዲዮን ተጫዋች አቶ ዘከሪያን አግብተው፣ በ1978 ዓ.ም. ሐቢብን ወለዱ። አቶ ዘከሪያ በ1982 ዓ.ም. ለሠራዊቱ ሙዚቃ ሊያሰሙ ወደ ግንባር እንደሄዱ አልተመለሱም። በዓመቱ ቡድኑ ራሱ ተበተነ። ሰዓዲያ ልጃቸውን ለእህታቸው ትተው አዲስ አበባ ገቡ፤ ሲገኝ በቴአትር ቤት፣ ሳይገኝ በሰው ቤት እየሠሩ ኖሩ።

በ1994 ዓ.ም. በየሳምንቱ በቴሌቪዥን ይታይ በነበረ ድራማ ላይ እትዬ ውዴን ሆነው ወጡ። እትዬ ውዴ ሠራተኛዋን ጓዳ ቆልፋ የምትሄድ ክፉ ሴት ነበረች። አገር ጠላቸው። ታክሲ ሲሳፈሩ «ምነው፣ ልጅቷን ክፈቺላት እንጂ!» ይሏቸዋል። አትክልት ተራ አንዲት ሴት «ለአንቺ ቲማቲም አልሸጥም» ብላ መልሳቸዋለች። ባዶ ዘንቢላቸውን ይዘው እየሳቁ ገቡና «ዛሬ ተሸለምኩ» አሉ።

ድራማው ሲያልቅ ግን ሳቁም አለቀ። መልካቸው ከእትዬ ውዴ ጋር ተጣብቆ ቀረና የሚያሠራቸው ጠፋ። በ1998 ዓ.ም. ለዑምራ ወጥተው መካ ቀሩ። ዛሂር በሚባለው ሠፈር አንዲት አሮጊት ማዳም አስታማሚ ሆኑ። አሮጊቷ ከአልጋ አይነሱም፤ ቤቱን የሚገዙት በድምፃቸው ነበር። «ያላ!» ሲሉ ጎልማሶቹ ልጆቻቸው ሳይቀሩ ይሮጣሉ። ሰዓዲያ ያን ድምፅ ማድ ቤት ገብተው ሲያወጡት፣ ሠራተኞቹ መጀመሪያ ደንግጠው ይነሱና ኋላ በሳቅ ይወድቃሉ። ሰዓዲያ አምስት ዓመት አገላበጧቸው፣ አጠቧቸው፣ አጎረሷቸው፤ በ2003 ዓ.ም. አሮጊቷ በሰዓዲያ ክንድ ላይ አረፉ። ልጆቹ ሰዓዲያን «ኸላስ፣ በቃ» ብለው አሰናበቷቸው። የመኖሪያ ፈቃዱ፣ ኢቃማው የላቸው፣ አሠሪ የላቸው።

ጂዳ ወርደው ሂንዳዊያ በሚባል ሠፈር ከአገር ልጆች ጋር ክፍል ተጋሩ። በቀን ከከተማው ዳር ወዳለው ኦብሑር ሠፈር እየተመላለሱ በአንድ ትልቅ ቪላ ወጥ ይሠሩ ነበር። እዚያ ቤት እያደረች የምትሠራ አንዲት የኩታበር ልጅ አገኙ። ቤዛ ትባላለች። ገና አሥራ ዘጠኝ ዓመቷ ነበር። ክርስቲያን ናት፤ ሰዓዲያ በጾሟ ቀን ሥጋ ያልነካው ድስት ለይተው ያስቀምጡላት ነበር። ቤዛም ማታ ሲወጡ እስከ አጥሩ ትሸኛቸዋለች።

በጥቅምት 2006 ዓ.ም. መጨረሻ ለውጭ አገር ሰው የተሰጠው የምሕረት ጊዜ አለቀ። ያን ወር የምታውቁት ታውቁታላችሁ፤ ዛሬ እዚህ ከቆማችሁት ውስጥም ልጁ ያልተመለሰለት አለ። ሂንዳዊያ በየደረጃው ፖሊስ ሆነ። የኦብሑሯ ማዳም ሰዓዲያን «ከዚህ በኋላ እንዳትመጪ» አሏቸው። ቤዛን ግን አለቀቁም። እንዳትጠፋባቸው ከግቢው ጀርባ ካለች ክፍል ቆልፈውባት፣ ቁልፉን ለዘበኛው ለረሺድ ሰጥተው፣ ቤተሰቡን ይዘው ወደ ጣይፍ ከተማ ወጡ።

ቤዛ ትንሽ ስልክ ነበረቻት። «እትዬ፣ ዳቦና ውሃ በመስኮት ይሰጠኛል። በሩን ግን አይከፍትም። እትዬ፣ ረስተውኝ ይሆን?» አለች። ከዚያ ስልኩ ጠፋ።

ሰዓዲያ በመጀመሪያ በራሳቸው ፊት፣ በራሳቸው ድምፅ ሄደው ለመኑት። ረሺድ ክፉ ሰው አልነበረም፤ ፈሪ ነበር። በአጥሩ ቀዳዳ «ማዳም ሳትፈቅድ ብከፍት እኔም ካንቺ ጋር እባረራለሁ። ሂጂ፣ ፖሊስ ሳይመጣ» አላቸው። እርዳታ የጠየቁበት ቦታ ሁሉ ሰው በሰው ላይ ሆኖ ነበር። ወደ ክፍላቸው ተመልሰው ግድግዳውን ተደግፈው ተቀመጡ። አብራቸው የምትኖረው ማህደር የምትባል ምላሰኛ ልጅ ድራማውን አገር ቤት ሳለች አይታዋለች፤ በእትዬ ውዴ የተነሳ እስከዚያ ቀን ድረስ አኩርፋቸው ነበር። «እትዬ ሰዓዲያ፣ ያን ጊዜ የቆለፉባት እርስዎ፤ አሁንም እርስዎ ይክፈቱላት!» አለቻቸው። ለቀልድ ነበር ያለችው። ሰዓዲያ ግን አልሳቁም። «ጓንት ማን አላት?» ብለው ጠየቁ።

በማግስቱ ከዐስር ሶላት በኋላ ከኦብሑሩ ቪላ ደጃፍ አንዲት ትልቅ ሴት ከታክሲ ወረዱ። ጥቁር ዓባያ፣ ፊት እስከ ዓይን የተሸፈነ፣ በበረኪና የተላጠውን እጅ የደበቀ ጥቁር ጓንት። ማህደር ለእናቷ የገዛችውን ዑድ ሽቶ ግማሹን አፍስሳባቸዋለች። ረሺድ ሰዓዲያን በየቀኑ ሲገቡና ሲወጡ የሚያይ ሰው ነው፤ አረማመዳቸውን ያውቃል፣ ድምፃቸውን ያውቃል። ስለዚህ ሁለቱንም ሂንዳዊያ ትተው መጡ። እያነከሱ ቀረቡና በዚያች በዛሂሯ አሮጊት ድምፅ «ረሺድ! ክፈት!» አሉ።

ከፈተ። የማዳሟ አክስት ከመካ ነኝ፣ ልጅቷን ለቤቴ ልወስዳት ነው አሉት። «ለማዳም ልደውል» ቢል «ደውል! ፀሐይ ላይ እንዳቆምከኝም አብረህ ንገራት» አሉት። ስልኩን ወደ ኪሱ መለሰ። ቁልፉን አወጣ።

ወገኖቼ፣ ከዚህ ቀጥሎ ያለውን ሰዓዲያ ራሳቸው ይነበብ ስላሉ ነው የምናነበው።

በሩ ሲከፈት ቤዛ በጥቁር የተሸፈነች፣ በዓረብኛ የምትጮህ ሴት አየች። የአልጋውን ብረት ይዛ «አልሄድም! ገደሉኝ!» እያለች ጮኸች። ረሺድ ከበሩ ቆሞ ያያል። ሰዓዲያ አንዲት የአማርኛ ቃል ቢያወጡ ሁለቱም አለቀላቸው። ጎትተው ቢያዩ አልለቀቀችም። የረሺድ እጅ ወደ ኪሱ ተመለሰ። ያን ጊዜ ሰዓዲያ እጃቸውን አነሱና ልጅቷን መቷት፤ ጉንጯን። ልጅቷ የመድረክን ጥፊ አትችልበትም፣ መዳፏን አታጋጭም። ድምፁ የጉንጯ ድምፅ ነበር።  ብረቱን ለቀቀች። እንደ በግ ተከተለቻቸው።

ታክሲው ኦብሑርን እንዳለፈ ሰዓዲያ ፊታቸውን ገለጡ። «እኔ ነኝ ቤዛዬ፣ እኔ ነኝ እኮ» አሏት። ቤዛ አየቻቸው። ከዚያ ተንፏቃ ከመኪናው በር ጥግ ሄደች።

ወደ አገር ለመመለስ ሁለቱም ከሌሎቹ ጋር እጃቸውን ሰጡ። በጂዳና በመካ መሃል ባለው የሹመይሲ ማቆያ፣ ባዶ ወለል ላይ ተኝተው ተራ ጠበቁ። የሰዓዲያ ሳል የጀመረው እዚያ ነው። ያላቸውን አንድ ብርድ ልብስ ለቤዛ አለበሷት፤ እሷ ከበሩ አጠገብ ካልሆነች አትተኛም ነበር።

በታኅሣሥ 2006 ዓ.ም. ቦሌ ደረሱ። ሻንጣ የሚያወርድ አንድ ወጣት አወቃቸውና ደስ ብሎት «እንዴ! እትዬ ውዴ! ልጅቷንስ ከፈቱላት?» አላቸው። ሰዓዲያ ቤዛን አዩና ፊታቸውን በሻሻቸው ሸፈኑ። ልጁ ያጠፋው ነገር የለም፤ ከየት ያውቃል።

የቤዛ እናት ልጃቸው እዚያ ሳለች ኩታበር ላይ አርፈው ነበር። ስለዚህ ሰዓዲያ ይዘዋት ሐይቅ መጡ። እንግዲህ ሁላችሁም እንዳያችሁት፣ ከዚያ ወዲህ የዚያ ቤት በር ተዘግቶ አያውቅም። ሲዘጋ ቤዛ ከእንቅልፏ ተነስታ በሁለት እጇ ትደበድበዋለች፤ ጣቷ እስኪደማ። ሰዓዲያን ደሴ ያዩዋቸው ሐኪም ሳንባቸው እንደተጎዳ፣ ከብርድ ካልተጠበቁ እንደማይተርፉ ለቤተሰቡ ነግረዋል። የሐይቁን ነፋስ ደግሞ ታውቁታላችሁ። መጋረጃ ሰቀልን፤ አልመለሰውም። ቤዛን ጎረቤት እናሳድራት ብንል ሰዓዲያ እሺ አላሉም። ሐቢብ ከኮምቦልቻ በመጣ ቁጥር «እማ፣ እባክሽ እንዝጋው፣ ይገድልሻል» እያለ ይለምናቸው ነበር። «እኔ መሞት ሥራዬ ነበር፣ እችልበታለሁ። እሷ ላይ ግን ሁለተኛ አይቆለፍም» ይሉት ነበር።

በየማለዳው ቤዛን ስለዚያች ጥፊ «አፉ በይኝ፣ ይቅር በይኝ» ይሏታል። ቤዛ እንዳሳደጓት ልጅ ሻይ ታፈላላቸዋለች፣ እግራቸውን ታጥባለች፤ ለዚያች ቃል ግን መልስ አትሰጥም። ሐምሌ ገብቶ ብርዱ ሲከፋ፣ ብርድ ልብሷን ትከሻዋ ላይ ዘርግታ፣ ጀርባዋን ለውጭ ሰጥታ፣ የበሩ ደፍ ላይ መቀመጥ ጀመረች። ነፋሱን በገላዋ ትከልል ነበር። እኛም ሁለቱን እያየን እንወጣ ነበር።

አርቲስት ሰዓዲያ ሙክታር በተወለዱ በሃምሳ ዓመታቸው፣ ነሐሴ 9 ቀን 2006 ዓ.ም. ከሱብሒ ሶላት በኋላ በቤታቸው አረፉ። ከወይዘሮ አሚራ ልጅ ከንፈር «አልሞትኩም» የሚለውን የጠበቅን አለን።

አንድ ወንድ ልጅ፣ ሁለት የልጅ ልጆችና አንዲት ሴት ልጅ ትተው አልፈዋል። ሴት ልጃቸው ቤዛ ናት፤ እንዲህ ተብሎ ይጻፍልኝ ብለዋል።

በቃል የነካኋችሁ፣ ሳላውቅ የበደልኳችሁ ብለዋልና፣ የተቀየማችሁ ካላችሁ ከአፈሩ በፊት አፉ በሏቸው። እትዬ ውዴን የጠላችሁም አፉ በሏት፤ የቤዛን በር በማስከፈት እሷም ተባብራለች። አላህ ቀብራቸውን ያስፋላቸው፣ ብርድ ከማይገባበት ጀነት ያኑራቸው። ለልጆቻቸው ሰብር ይስጥልን። አሚን።

አሁን ሶላት ይሰገዳል። ከዚያ ወደ ለቅሶ ቤት የምትሄዱ፣ አደራችሁን፤ ስትገቡም ስትወጡም በሩን እንዳትዘጉት። ቤዛ ውስጥ ናት።