ያልታየው የፊልሙ ግማሽ

የቡ፣ ጥር 12 ቀን 1976 ዓ.ም.

ለዓይኔ ማረፊያ፣ ለልጄ ለጢፋ፤

አሰላሙ ዐለይኪ። ከሁሉ በፊት ስድስት ዓመት የደበቅኩሽን ልንገርሽ። አዲስ አበባ ምን እንደምትሠሪ ሲጠይቁኝ፣ ልብስ ትሰፋለች እያልኩ ኖሬአለሁ። ፊልም እንደምትሠሪ ለማንም ተንፍሼ አላውቅም።

ባለፈው ወር የጤና ትምህርት መኪና መጥቶ ገበያው ላይ አንሶላ ወጥሮ ያንቺን ፊልም አሳየ። ነጠላሽን አፍሽ ላይ ይዘሽ ስትስዪ ደም ታየ። ሥራሽ መሆኑን እያወቅኩ እንኳ እናትሽ ጠይባ ፊቴ ተደቀነች። ወዲያው የመብራቱ ሞተር ጠፋ። ሾፌሩ ገመዱን ቢጎትት ቢጎትት አልነሣ አለ። በደብዳቤሽ ያጫወትሽኝ፣ ታክመሽ የምትድኚበት ግማሽ ሳይታይ ሰዉ ተበተነ።

በማግስቱ ቤቴ ሞላ። «ማል ታቴ? ልጅህ ምን ሆነች? እንዴት ትደብቀናለህ?» አሉኝ። ሼህ ጀማለዲን ዱዓ አደረጉልሽ፤ እኔም እጄን ዘርግቼ አሚን አልኩ። ልጄ ተዋናይ ናት ከማለት፣ ታማለች መባሉ ቀለለኝ።

በዚያ ቢቀር ዝም ባልኩ። ያጠባችሽ ሐጂራ ሳንባዋን ታማ ጤና ጣቢያ መርፌ ትወጋ ነበር፤ ተሽሏትም ነበር። ከዚያ ቀን ወዲህ ቀረች። ሄጄ ብለምናት ሳቀችብኝ።

«አባቦራ፣ ዶክተር መሃል ያለችውን ለጢፋን ያላዳነ መርፌ፣ እኔን የየቡዋን አሮጊት ሊያድን? ይልቅ ለልጅህ አልቅስ» አለችኝ።

ከሳቋ ቀጥሎ ሳሏ መጣ። የእናትሽ ሳል ነው፣ አውቀዋለሁ።

አፉ በይኝ ልጄ። እናትሽ ያልኖረችውን ዕድሜ አላህ ላንቺ ይጨምርልሽ፤ ሥራሽንም ይባርከው።

አርብ ከጁምዓ በኋላ፣ ሰዉ ጫማውን ሳያጠልቅ ተነሥቼ ቆምኩ። «ልጄ አልታመመችም። ያያችሁት ሥራዋ ነው፤ ፊልሙ ሲያልቅ ትድናለች። የዋሸኋችሁ እኔ ነኝ» አልኩ።

ሼህ ጀማለዲን ጢማቸውን እየዳበሱ፣ «ታዲያ ያ ሁሉ ዱዓ ለማን ይሁን?» አሉኝ።

«ለሐጂራ» አልኩ።

ቅዳሜ ጠዋት፣ እውነቱን ሰምታ እሺ ያለችኝን ሐጂራን በቅሎ ላይ አስቀምጬ፣ ልጓሙን ራሴ እየሳብኩ ጤና ጣቢያ አደረስኳት። መንገድ ላይ ላገኘሁት ሁሉ የማን አባት እንደሆንኩ ነገርኩ። መርፌዋን ተወግታ እስክትወጣም በሩ ላይ ቆሜ ጠበቅኳት።

አባትሽ አባቦራ