ስሜ የተጠራበት አልበም

ውድ ወንድሜ ኢኮሎ፣

ስልክ ስደውልልህ ስለምትስቅብኝ ነው የምጽፍልህ። ይህን ወረቀት ወንዙን እየተሻገረች አንተ ያለህበት ብራዛቪል ጨርቅ ለምትሸጠው ለማማ ኦዲያ እሰጣታለሁ። ሳትስቅ እስከ መጨረሻው አንብበው። ፈርቻለሁ።

አልበማችሁ የወጣ ሰሞን በሰፈራችን በማሲና እንደ እኔ የተኩራራ ሰው አልነበረም። የልብስ ገመዴን እየበጠሳችሁ፣ ከጎረቤት እየተሰዳደባችሁ፣ ስንት ዓመት ግቢዬ ውስጥ የተለማመዳችሁት ሙዚቃ ከየመጠጥ ቤቱ ሲንቆረቆር መሀል መንገድ ላይ ቆሜ አለቀስኩ። በተለይ ሦስተኛው ዘፈን። ዝግ ያለው ክፍል አልቆ ጊታሩ መሮጥ ሲጀምር «ቦሉምቡ፣ ቦሉምቡ» እያልክ ትጠራኛለህ። ለምን የእኔን ስም እንደመረጥክ ስጠይቅህ «ለጊታሩ ይመቻል» አልከኝ። አንተ ደግሞ እህት ማመስገን መቼ ታውቅበታለህ።

ከዚያ ቤዝ ጊታር የሚጫወትላችሁ ቴዲካ ሞተ። የገጨው «የሞት መንፈስ» ከምንላቸው ሚኒባሶች አንዱ ነው፤ ፍሬን እንደሌለው ሰፈሩ ሁሉ ያውቃል። ለቅሶው ላይ ግን ስለ ፍሬን ያወራ ሰው የለም። ያው የምታውቀው ወሬ ተነሣ፤ ዘፋኝ የመጀመሪያ አልበሙ እንዲሰማለት የራሱን ሰው ለጨለማ ይሰጣል፣ የሰጠውንም በዘፈኑ ውስጥ በስሙ ይጠራዋል። ሁለተኛው ዘፈን ላይ «ቴዲካ፣ አስጩኸው!» ብለሃል። ቴዲካም ሞተ። ሰዉ ወደ ሦስተኛው ዘፈን ለማለፍ ጊዜ አልፈጀበትም።

በማግስቱ የካሳቫ ዳቦ ልገዛ ማማ ኤሊዜ ጋ ሄድኩ።

«ምን አጣላችሁ ልጄ?» አለችኝ።

«ከማን ጋር?»

«ከወንድምሽ ጋር ነዋ። ሰው በደህናው ቀን እህቱን አይሰጥም።»

«እግሬ እንዲህ አብጦ፣ ሆዴ እንዲህ ተነፍቶ፣ እኔን ማን ይቀበለኛል ማማ?»

ሳቀች። ዳቦውን ግን በእጄ አልሰጠችኝም፤ ጠረጴዛው ላይ አድርጋ ገፋችልኝ። ከዚያ ቀን ጀምሮ በእጄ የሚሰጠኝ ሰው የለም።

ኢኮሎ፣ ልጁ ሆዴ ውስጥ ተጋድሟል፤ ጭንቅላቱ ወደ ታች አልዞረም። አዋላጇ ፊቷን ልትደብቀኝ ብትሞክርም አይቻታለሁ። የመጀመሪያ ልጄን ስወልድ ደሜ አልቆም ብሎ በጀርባህ አዝለህ እየሮጥክ የወሰድከኝ አንተ ነህ፤ መንገዱን በሙሉ እየሰደብከኝ፣ «ከበድሽኝ፣ ብትሞቺ እዚሁ ነው የምጥልሽ» እያልክ። ዶክተሩ ሁለተኛ ካረገዝሽ አስቢበት ብሎኝ ነበር። እንግዲህ አስቤበት አይደለም ያረገዝኩት።

ባለፈው መጠጥ ቤቱ ዘፈኔን ሲለቀው ልጁ መንቀሳቀሱን አቆመ። ያኔ፣ እውነቱን ልንገርህ፣ ጠረጠርኩህ። ግድግዳውን ይዤ ቁጭ አልኩና «ሰጥቶኝ ቢሆንስ?» አልኩ። ዘፈኑ ሲያልቅ ልጁ ረገጠኝ። ሳቅኩም አለቀስኩም። ያን ጀርባህን እያወቅኩ እኔ እንዲህ ካሰብኩ ሌላው ምን ያስብ? ከዚያ ወዲህ ሞቴን አይደለም የምፈራው። የምፈራው ለአንተ ነው።

እናታችን ከጓሮ ሆና መንገዱ ጥግ ከሚቆሙት ልጆች ጋር ስታወራ ሰማኋት። አልበሙ የተመረቀ ቀን በትከሻቸው ተሸክመውህ የጨፈሩት ልጆች ናቸው።

«ቦሉምቡ አንድ ነገር ከሆነች እኔው እደውልለታለሁ» አለቻቸው። «የእናቱን ለቅሶ ሰምቶ አይቀርም።»

«አንቺ ብቻ ጥሪው ማማ» አላት አንዱ። «አንገቱ ላይ የሚነደው ጎማና ቤንዚን ከእኛ።»

ዝም ትላለች ብዬ ጠበቅኩ። «እግዜር ይስጣችሁ» አለቻቸው። ከዚያ ገብታ እግሬን በሞቀ ውሃ አሸችልኝ። አትፍረድባት። ልጇን ልታጣ ነው ብላ ነው፤ ማን እንደሚወስድባት ግን ተሳስታለች።

ስለዚህ ከወለድኩና ከተረፍኩ፣ ልጁን ታቅፌ ራሴ በጀልባ ተሻግሬ እመጣለሁ። በዓይንህ ሳታየኝ ግን ድናለች የሚልህን ማንንም አትመን። ከሞትኩ ለቅሶዬ ላይ እንዳትመጣ። ሬሳዬ ሲወጣ ወንድሟ የት አለ ይበሉ፤ እኔ አልቀየምህም። እናታችን እያለቀሰች ከደወለችልህ ለቅሶዋ የእውነት ነው፤ ስልኩን አንሣና አጽናናት፣ አብረሃት አልቅስ። ወንዙን ግን እንዳትሻገር።

ዘፈኑን እወደዋለሁ።

እህትህ ቦሉምቡ