የጡሩምባው ዜማ

ይድረስ ለጋሼ፤ ናፍቆትህ ከማስቸገሩ በቀር ደህና ነን።

የፋብሪካው አዲሱ ጡሩምባ አሁንም ሰው እያሳመመ ነው። በሽታው የያዘው ሰው ሳያውቀው የጡሩምባውን ድምፅ ሲያንጎራጉር ይውላል፤ ቀስ በቀስም ንግግር ይጠፋዋል። መርማሪዎች ቤት ለቤት እየዞሩ፣ ሰውን አስተኝተው ደረቱ ላይ ውሃ የሞላ ሳህን ያስቀምጣሉ፤ ውሃው የተንቀጠቀጠበትን ወንዝ ማዶ ይወስዱታል። የተወሰደ እስካሁን አልተመለሰም።

ትናንት ጎረቤቴ ልብስ ሰፊዋ፣ «አንቺ፣ ልጅሽ ዘፋኝ ልትሆን ነው እንዴ? ጠዋትም ማታም ያንኑ ዜማ!» አለችኝ።

«ምን ላድርጋት፣ ሌላ አታውቅ!» ብዬ ሳቅኩ።

መርማሪዎቹ ነገ ወደ እኛ ሰፈር ይመጣሉ። ልጄን ይህን ደብዳቤ አስይዤ ልኬልሃለሁ፤ ትንሽ አየር ብትለውጥ ብዬ ነው። ጠርተሃት ዝም ካለችህ ዓይን አፋር ሆና ነውና አትቆጣት።

ለባለቤትህ ሰላምታዬን አድርስልኝ።

አክባሪህ እህትህ