ታችኛው ውሃ

ማክሰኞ፣ ኦክቶበር 7

ከሥራ መልስ ፌርፋክስ ጎዳና ላይ መኪናዬ ውስጥ ቁጭ ብዬ ከወንድሜ ከሳላሀዲን ጋር አወራሁ። ኦስትሪያ አገር አንድ ሆቴል ኩሽና ውስጥ ነው የሚሠራው። ሆቴሉ ፊት ለፊት ያለውን ሐይቅ በቪዲዮ አሳየኝ። «ትንሽ ናት፣ ግን ጥልቅ ናት። በደቡብ ከተራራው ሁለት ጅረት ይገባባታል። በሰሜን አንድ ወንዝ ይወጣል።» ነገ ከሥራ ኦፍ ነው፣ ጀልባ ሊከራይ ነው። «ዋና ሳትችል?» «ማን ይዋኛል? እቀዝፋለሁ እንጂ» ብሎ ሳቀ።

ሐሙስ፣ ኦክቶበር 9

ከሆቴሉ ደወሉ። ትናንት በጀልባ ወጥቶ አልተመለሰም። ጀልባዋን ወንዙ ከሐይቁ በሚወጣበት በኩል አግኝተዋታል... ባዶዋን።

ቅዳሜ፣ ኦክቶበር 11

እማ ከቫን ናይስ ቤቷ ደወለች። «ሁመይራ፣ ወንድምሽ ምነው ስልክ አያነሳ?» «ስልኩ ውሃ ውስጥ ገብቶበት ነው» አልኳት። ምን ነካኝ? ሌላ ውሸት ጠፍቶ! «አልሃምዱሊላህ፣ ስልኩ ብቻ ከሆነ» አለች።

ማክሰኞ፣ ኦክቶበር 14

ጉዳዩን የያዘችው ፖሊስ ከኦስትሪያ ደወለች። ወንዙ መውጫ ጋ ፈልጉ እያልኩ ስጨቀጭቃቸው ነው የሰነበትኩት። ጀልባዋ እዚያ አይደል የተገኘችው? ቀስ ብላ አስረዳችኝ። ወደ ወንዙ የሚሄደው የላይኛው ውሃ ነው። ጀልባዋን የወሰዳት እሱ ነው። ከተራራው የሚወርደው ቀዝቃዛ ውሃ ግን ከባድ ስለሆነ ወደ ታች ይሰምጣል፣ እዚያ ብዙም አይንቀሳቀስም። ሰው ከሰመጠበት አይርቅም። መጨረሻ የታየው በደቡብ በኩል ስለሆነ ጠላቂዎቹ ደቡቡን እየፈለጉ ነው። «በእንዲህ ዓይነት ሐይቅ ላይወጣም ይችላል» አለች።

ላይወጣም ይችላል...

ረቡዕ፣ ኦክቶበር 22

አጎቴ ጋሼ ኡስማን የምሠራበት ሱቅ ድረስ መጡ። «እስከ መቼ ትደብቂያታለሽ?»
«ሬሳው ይገኝና...»
«ባይገኝስ?»


እሁድ፣ ኦክቶበር 26

ነገርናት። ማለዳ ከጋሼ ኡስማንና ከሁለት ጎረቤቶቿ ጋር ሄድን። በሩን ከፍታ ስታየን «የትኛው ልጄ ነው?» አለች። እኔ ከኋላ ነበርኩ፣ አላየችኝም። ቀድሜ ብገባ ምን ነበር?

ጮኻ ጮኻ ሲደክማት ጠራችኝ። «ሐይቁን አሳይኝ።» ስልኬ ላይ ካርታውን ከፈትኩላት።
«ውሃው ወዴት ይሄዳል?»
«በሰሜን ወጥቶ ወንዝ ይሆናል። ከዚያ ሩቅ፣ ባህር ይገባል።»
«ልጄስ?»
«እሱ አይሄድም እማ። ታች ያለው ውሃ አይሄድም።»
ደቡቡን በጣቷ ስትነካው ካርታው ሸሸባት። መልሼ አመጣሁላት።
«እንግዲያው ያለበት ይታወቃል» አለች።
ከዙሁር ሶላት በኋላ፣ ሬሳ በሌለበት የጀናዛ ሶላት ተሰገደበት።

ዓርብ፣ ኖቬምበር 21

ጠላቂዎቹ አቆሙ። የሐይቁ ዳር ዳር በረዶ መያዝ ጀምሯል። እስከ ጸደይ ማንም አይገባም። ለእማ ስነግራት አላለቀሰችም። በመኪና ፍሪዌይ ስንገባ እንኳ ፈርታ ዓይኗን የምትጨፍነው እናቴ «ፓስፖርት አውጪልኝ» አለች። «በረዶው ሲቀልጥ በጀልባ እስከ ደቡቡ እንሄዳለን። እላዩ ላይ ሆኜ ዱዓ አደርግለታለሁ።»
«በጀልባ? አንቺ?»
«በጀልባ።»

ከሰዓት በኋላ ፎቶ ቤት ወሰድኳት። ነጠላዋን አስተካከልኩላት። ፎቶ አንሺው ካሜራውን ደግኖ «ለፓስፖርት ስለሆነ አይሳቁ፣ እትዬ» አላት።

«እሺ» አለች።