ወንድሜን በምሳሌነት ስለመረጡልን

ለክቡር አቶ ታሪኩ
የቀበሌያችን ሊቀመንበር
መካኒሳ

ክቡር ሆይ፣

ይህ ደብዳቤ ሲደርስዎ እርስዎም ሆኑ ቤተሰብዎ፣ በተለይም በጥር ወር አንድ ረፋድ ሙሉ ያለ ዕረፍት ያገለገለን ጉሮሮዎ፣ በመልካም ጤንነት ላይ እንድትገኙ ከልብ እመኛለሁ። እኔ አማከለች እባላለሁ፤ በሰፈራችን አንደኛ ደረጃ ትምህርት ቤት አማርኛ አስተምራለሁ። አቤቱታዬን በቢሮዎ በኩል ማቅረብ ይገባኝ ነበር። ነገር ግን በመጣሁ ቁጥር ስብሰባ ላይ ስለሚሆኑ፣ ጋዜጣ ደግሞ ስብሰባ ላይም ተቀምጦ ስለሚነበብ፣ በዚህ በኩል ስለመጣሁብዎ ይቅርታዎን እጠይቃለሁ።

እንደሚያስታውሱት፣ ስለ ወንጀልና ስላፈነገጠ ባሕርይ ማኅበራዊ መንስኤዎች ከተሰጠው ሴሚናር በተመለሱ ሰሞን ነዋሪውን ሁሉ አዳራሽ ሰብስበው የተማሩትን አካፈሉን። ሊቃውንቱ ከድህነት ይጀምራሉ አሉን፤ ሌሎቹ ደግሞ ወንጀል እንደ ማንኛውም ሙያ ከባልንጀራ የሚቀሰም ነው ይላሉ አሉን፤ ሦስተኞቹም ሰው ከትዳር፣ ከሥራና ከዕድር ጋር የሚያስተሳስረው ገመድ ሲላላ ነው የሚያፈነግጠው ይላሉ አሉን። በእውነቱ ጥሩ አድርገው አስረዱ። አስተማሪ ነኝና ትምህርት ያለ ምሳሌ እንደማይገባ አውቃለሁ፤ እርስዎም ይህን በማወቅዎ አከብርዎታለሁ። ልዩነታችን እኔ ምሳሌዬን ጥቁር ሰሌዳ ላይ ስጽፍ እርስዎ ግን ወንበር ላይ ከተቀመጡት መካከል መምረጥዎ ነው።

«ሩቅ መሄድ አያስፈልገንም» አሉ ጣትዎን ቀስረው። «እዚያ ከመስኮቱ ሥር የተቀመጠውን ወጣት እንውሰድ። አባት የለውም። የቀድሞው ሠራዊት ወታደር ነበር። ትዳር የለውም፣ ቋሚ ሥራም የለውም። ጥናቱ የሚዘረዝራቸው መንስኤዎች በሙሉ እሱ ላይ ተሟልተዋል። አጠፋ አላልኩም፣ ለምሳሌ ነው።»

ያ ወጣት ታናሽ ወንድሜ ኢያቄም ነው። አዳራሹ በሙሉ ሲዞርበት፣ እንዲነሣ የታዘዘ መስሎት ከወንበሩ ብድግ አለና ፎቶ እንደሚነሣ ሰው ፈገግ አለ። ሰው ሳቀ። «ቁጭ በል፣ ቁጭ በል፣ ለምሳሌ ነው» አሉት ከጎኑ የነበሩት። ከአዳራሹ ስንወጣ የሰፈር ልጆች «ምሳሌው! ምሳሌው!» እያሉ እስከ በራችን ሸኙን። ከዚያን ቀን ጀምሮ እናታችን ያወጣችለት ስም ቀረ።

እርስዎ የመረጡትን ሰው ስለማያውቁት ላስተዋውቅዎ። ከትምህርት ገበታው ተነሥቶ ወደ ጦር ሜዳ የተላከው ገና ጢም ሳያበቅል ነው። ጦሩ ሲበተን ከተሐድሶ ካምፕ ወጥቶ እኔ ዘንድ መጣ፣ ከመሐሙድ ጋራዥ ገብቶ ብየዳ ተማረ። ከኛ ሰፈር እስከ ላፍቶ ድረስ ሌባ እንዳይገባ ተብሎ መስኮት ላይ የተተከለው የብረት ፍርግርግ አብዛኛው የእጁ ሥራ ነው። ከግድግዳችን ማዶ ብቻቸውን ለሚኖሩት ለእማማ ገዲሴም ፍርግርጉን የሠራላቸው እሱ ነው፤ ውኃም የሚቀዳላቸው እሱ ነበር። አሁን ቅሬታዎቼን ላቅርብ፤ በቁጥር ያደረግኋቸው ለመዝገብ ቤትዎ እንዲቀል ብዬ ነው።

፩ኛ. ስለ ክፉ ባልንጀራ ባስተማሩን መሠረት። በየካቲት ወር የቀበሌው ሱቅ ተሰብሮ ስኳር ተወሰደ። ጥበቃዎችዎ ቁርስ ላይ መጡብን። ኢያቄም «ማን አየኝ?» ብሎ ሲጠይቅ፣ አንደኛው፣ መቼም ሐቀኛ ሰው ነው፣ «ማንም አላየህም። ከማን እንጀምር ስንላቸው ሊቀመንበሩ ካንተ ጀምሩ አሉን» አለው። ከሳምንት በላይ ጣቢያ ተቀመጠ። ምንም ስላልተገኘበት ተለቀቀ፤ ስኳሩም እስከ ዛሬ አልተገኘም። በተፈታ ማታ እራት ላይ፣ በታክሲ ሰልፍ መሐል ከሰው ኮት ቦርሳ እንዴት በሁለት ጣት እንደሚወጣ አስረዳኝ። «አንተ ይህን እንዴት አወቅህ?» አልኩት። «እዚያ ሌላ የሚወራ ነገር የለማ» አለኝ። እኔ በመምህርነት ደመወዜ ላስተምረው የማልችለውን ሙያ መንግሥት በነፃ እንዲያስተምረው ስላደረጉልን ቤተሰባችን ያመሰግንዎታል።

፪ኛ. ስለ ድህነት። ከጣቢያ በወጣ በጥቂት ቀናት መሐሙድ ጠራው። መሐሙድ ክፉ ሰው አይደለም፤ ሲናገርም መሬት መሬት እያየ ነበር አሉ። «ኢያቄም፣ እኔ ካንተ ጋር ጠብ የለኝም። ደንበኛው ግን መስኮቴን ለክቶ የሚሄደው ምሳሌው ከሆነ ይቅርብኝ ይለኛል። ፍርግርጉን የሚሠራ ሰው አከፋፈቱንም ያውቃል ይሉኛል። እኔ ምን ልበላቸው?» ወንድሜ የብየዳ መነጽሩን ኪሱ ከትቶ በእግሩ ቤት መጣ። ቋሚ ሥራ የለውም ብለው በአዳራሹ የተናገሩት ያን ጊዜ ስሕተት ነበር፤ ጊዜ ወስደው ትክክል እንዲሆን ስላደረጉት ትጋትዎ የሚደነቅ ነው።

፫ኛ. ስለ ላላው ገመድ። ከፋሲካ በኋላ ኢያቄም ሸጊቱ የምትባል የላፍቶ ልጅ ሊያገባ ነበር። ሽማግሌ ተልኮ፣ አባቷ አቶ ተካ እሺ ለማለት ከጫፍ ደርሰው ሳለ፣ የመንግሥት ሰው ልጠይቅ ብለው እርስዎ ዘንድ መጡ። «ልጁ ክፉ ነው አልልም» አሏቸው፤ «ጥናቱ ግን ያሠጋል ይላል።» አቶ ተካ ፊደል ያልቆጠሩ ገበሬ ናቸው፤ ጥናት የሚለውን ቃል እንደ በሽታ ስም ነው የሰሙት። ሸጊቱ ራሷ ቤታችን ድረስ መጥታ ደጃፉ ላይ ከወንድሜ ጎን ተቀመጠች። «እኔ ያየሁት አንተን ነው፣ ጥናቱን አላየሁትም» ስትለው ከውስጥ ሆኜ ሰማሁ። በሳምንቱ አባቷ ወሊሶ አክስቷ ዘንድ ላኳት። ክቡር ሊቀመንበር፣ ትዳር ሰውን ከኅብረተሰቡ ጋር ያስተሳስራል ብለው ካስተማሩን በኋላ ገመዱን በገዛ እጅዎ የበጠሱበት ምክንያት በሴሚናሩ ተሰጥቶ ከሆነ እኔም ብማረው እወዳለሁ።

፬ኛ. ስላልነገሩን። የትምህርት ቤታችን የታሪክ መምህር ገብረ መድኅን ከእርስዎ ጋር በዚያው ሴሚናር ነበር። በሻይ ሰዓት ስናወራ፣ አራተኛ ንድፈ ሐሳብም ተሰጥቶ እንደነበረ ነገረኝ። ኅብረተሰቡ አንድን ሰው ወንጀለኛ ብሎ ከሰየመው፣ ሥራውንም ወዳጁንም እያሳጣ ያንን ስም ያስለብሰዋል የሚሉ ሊቃውንት አሉ አለኝ። «አቶ ታሪኩ ይህን አልነገሯችሁም?» ብሎ ተገረመ። የምሳ ሰዓት ስለደረሰ ዘልለውት ይሆናል። ከዚያ ወዲህ ወንድሜ ስሙን የሚለብስበትን ቀን በሥጋት ስጠብቅ ከረምኩ። የደረሰው ግን ሌላ ነገር ሆነ፤ እሱንም ሊቃውንቱ የጻፉት አይመስለኝም።

በሚያዝያ አጋማሽ፣ አንድ ረፋድ ላይ፣ እኔ ክፍል ውስጥ ሳለሁ፣ ሥራ ፈትቶ ቤት የተቀመጠው ኢያቄም ከግድግዳው ማዶ የማቃሰት ድምፅ ሰማ። በመስኮት በኩል ተጠግቶ «እማማ ገዲሴ፣ ምን ሆኑ?» ብሎ ተጣራ። «ወደቅኩ ልጄ። መነሣት አቃተኝ። በሩን ስበረው» አሉት። በሩ ከውስጥ ተቀርቅሯል። የመስኮቱ ፍርግርግ የት ጋ ቢመታ እንደሚላቀቅ የሚያውቅ ሰው በዓለም ላይ ካለ እሱ ነው። መፈልቀቂያ ብረት ከቤት አመጣ። ብረቱን ፍርግርጉ ውስጥ አስገባ። ከዚያም አወጣውና መሬት ላይ አስቀመጠው።

በኋላ እንደነገረኝ፣ በዚያች ቅጽበት የታየው የአሮጊቷ ሁኔታ ሳይሆን የራሱ ገጽታ ነው፤ ምሳሌው በጠራራ ፀሐይ የአንዲት ብቸኛ ሴት መስኮት ሲፈለቅቅ። ወደ መንገድ ወጥቶ አላፊ አግዳሚውን «እባካችሁ አንድ ሰው ቆሞ ይየኝ» እያለ ለመነ። ሁለት ሴቶች አዩት፣ ተያዩ፣ እርምጃቸውን አፈጠኑ። ወደ ቢሮዎ ሮጠ። ስብሰባ ላይ ነበሩ። «አሮጊት ወድቀዋል፣ በር ሰብሬ ልግባ፣ ምስክር የሚሆን አንድ ሰው ብቻ ስጡኝ» አለው ጥበቃዎን። ጥበቃዎም «ቤት ልትሰብር ነው ፈቃድ የምትጠይቀው? ቁጭ በል እዚህ» ብሎ አግዳሚው ላይ አስቀመጠው። እስኪሰለቹት ድረስ አስቀመጡት። ሲለቁት እኔ ዘንድ መጣ፤ ክፍሌን ጥዬ አብሬው ሮጥኩ። እኔ እንደ ዘበኛ ቆሜ እያየሁት ፍርግርጉን ላቀቀው። ውኃ ለመጠጣት በሚበቃ ጊዜ ውስጥ ነው ያላቀቀው።

እማማ ገዲሴ እስከ ከሰዓት በኋላ ሲሚንቶው ላይ ነበሩ። ዳሌያቸው ተሰብሯል። ሐኪሙ ከእንግዲህ ያለ ደጋፊ አይራመዱም ብሎናል። ሆስፒታል አልጋ ሲይዙ ወንድሜን እጁን ይዘው «ድምፅህን በመስኮት ሰምቼ ነበር። ወዴት ሄድክ?» አሉት።

«ምስክር ፍለጋ ነው፣ እማማ።»

«የምን ምስክር?»

እጁን ቀስ ብሎ አስለቅቆ ወደ ኮሪደሩ ወጣ። ወንድሜ ከጦር ሜዳ ሲመለስ ሲያለቅስ አላየሁትም፤ በዚያ የሆስፒታል ኮሪደር ላይ ግን ፊቱን ወደ ግድግዳ አዙሮ ሲቆም፣ ተማሪ እንደቀጣሁ ሁሉ ምን እንደማደርግ ጠፋኝ። እንግዲህ ክቡር ሊቀመንበር፣ ሴሚናሩ ከወንድሜ ሌባ ሊያወጣ አልቻለም። በጎ ሥራ መሥራት የሚፈራ ሰው ግን አውጥቶልናል፤ ለቀጣዩ ሴሚናር እንደ አዲስ ግኝት ሊያቀርቡት ይችላሉ።

ኢያቄም በግንቦት መጀመሪያ ናዝሬት ሄደ። «ምሳሌው» መባሉን የማያውቅ ጋራዥ ተቀጥሯል። ሻንጣውን ሳዘጋጅለት «እዚያስ ሰላም ትኖር ይሆን?» ስለው፣ «ስሜን ከጠሩኝ ይበቃኛል» አለኝ። እማማ ገዲሴን እኛ ቤት አምጥቻቸዋለሁ። ውኃ የምቀዳው አሁን እኔ ነኝ። ሸጊቱ ከወሊሶ ሰው ልካ አድራሻውን ጠየቀችኝ፤ ሰጠኋት፤ ይህንንም ለአቶ ተካ እንዳይነግሩብኝ አልለምንዎትም፤ ከዚህ በላይ ሊነግሯቸው የሚችሉት ነገር ያለ አይመስለኝምና።

የምጠይቅዎ ካሳ አይደለም፤ ጥበቃው እንዲቀጣም አይደለም። በዚያው አዳራሽ፣ በዚያው ማይክሮፎን፣ ያንኑ ሕዝብ ሰብስበው አንድ ዐረፍተ ነገር እንዲናገሩ ነው፦ «ኢያቄም የምንም ነገር ምሳሌ አልነበረም።» ረፋዱን ሙሉ አይፈጅም፤ ለምሳ ይደርሳሉ።

ለተሰጠን ትምህርት፣ ለጠፋብን ወንድም፣ ባዶ ለሆነው የጎረቤቴ ቤትና ለማያልቀው ስብሰባዎ ያለኝን ጥልቅ አክብሮት እየገለጽሁ፣ ሥልጣንዎ እንዲረዝም፣ ጣትዎ ግን እንዲያጥር የምመኝልዎ፣

ታዛዥዎ
መምህርት አማከለች
መካኒሳ፣ ግንቦት ፲፱፻፹፰ ዓ.ም.

ማስታወሻ፦ ወንድሜ በመሄዱ የምሳሌ ቦታው ክፍት ሆኗል። እኔ አባት የለኝም፤ ትዳርም አልያዝኩም፤ የመምህር ደመወዝ ድህነት መሆኑን ሊቃውንቱም አይክዱትም፤ ከዛሬ ጀምሮ ደግሞ በሊቀመንበር ላይ በአደባባይ የጻፍኩ ሰው ሆኛለሁና ማፈንገጡም ተሟልቷል። ጥበቃዎችዎ ሲመጡ ግን እባክዎ ከመካከላቸው አንዱ በጀርባው አሮጊት ማዘል የሚችል ይሁን፤ እማማ ገዲሴን ብቻቸውን ትቼ አልሄድም።