አባባ ያዘዙኝ የማኦ ምስል

ይድረስ ለአባቴ ለአቶ ሀብተሥላሴ፤

አባባ፣ እንደምን ከረሙ? ጉልበትዎስ እንዴት ነው? ዓይንዎ ተሻለው ይሆን እያልሁ አስባለሁ። እኔ ደህና ነኝ፤ ካዚኖ ውስጥ ካርታ ማደሌን ቀጥያለሁ። እንደ ልማዳቸው የሚያነቡልዎት እትዬ አስካል ስለሆኑ ፊደሉን ተለቅ አድርጌ ጽፌያለሁ።

ግድግዳዎ ላይ የነበረውን የማኦ ምስል ምስጥ ስለበላው፣ ቻይናዎች አጠገብ ተቀምጠሽ እንዴት አንድ ታጫለሽ ብለው ተቆጥተውኝ ነበር። ማክሰኞ ሺፍቴ ሲያልቅ ቻይናታውን ሄድሁ። ባለሱቋ ወይዘሮ ሊን ሰባ ያለፋቸው ሴት ናቸው። ለአባቴ ነው ስላቸው ምስሉን በፊቱ ደፉት። አብሯቸው የሚሸጠው ልጃቸው ተቆጣ፤ አገራችንን ከውርደት ያነሣት እሱ አይደለም ወይ አላቸው። እሳቸው ግን በዐሥራ አራት ዓመታቸው ትምህርት ቤት ስብሰባ ላይ ተነሥተው የገዛ አባታቸውን እንዳጋለጡ፣ አባታቸውም በዚያው እንደቀሩ ነገሩኝ። ይቅር በለኝ ሳልለው የነጋ ቀን የለም አሉ። ልጁ ለምዶታል መሰል ስልኩን ይነካካል።

አባባ፣ እርስዎ አንድ ቀን እንዲህ ብለው ያውቃሉ? ዲቪ ደርሶኝ ልሄድ ስል ያጫወቱኝን አልረሳሁም። በ1970 በቀበሌው ስብሰባ፣ ሂስና ግለሂስ ሲባል፣ ታናሽ ወንድምዎን ሰርፀን በስሙ ጠርተው ያስያዙት እርስዎ ነዎት። በሳምንቱ ተገደለ። አብዮት ወንድም አያውቅም አሉኝ፣ ሻይዎን ፉት እያሉ። ለሚስቱ ለአስካል እንዳትነግሪ ብለውም አስማሉኝ።

ዐሥራ አንድ ዓመት አፌን ለጉሜ ኖርሁ። እትዬ አስካል ባላቸውን ማን እንዳስበላባቸው ሳያውቁ እግርዎን ያጥባሉ፣ ሾርባ ያጎርሱዎታል። ይህን ማሰብ አንገብግቦኛል። እርስዎ የሰው ስም የጠሩት ሰው ተሰብስቦ እየሰማ ነበር፤ የእርስዎም ስም ጮክ ተብሎ ቢነበብ ምን ይለዋል? መሐላዬን አላፈረስሁም፤ የጻፍሁት ለእርስዎ ነው።

እዚህ ላይ የእትዬ አስካል ድምፅ ቢቆረጥ አይቆጧቸው። እስኪቀጥሉ ይጠብቁ።

ለወንድሜ ለየሺዋስ፣ ለሚስቱ ለመዓዛ፣ ለትንሿ ሮሐ ሰላምታዬን ያድርሱልኝ። እትዬ አስካልን ጉልበታቸውን ስሜያለሁ፤ ያቆሰልኋቸው ወድጄ አይደለም።

ምስሉን ገዝቼ እዚሁ ፖስታ ውስጥ አድርጌዋለሁ። የት እንደሚሰቀል እትዬ አስካል ይንገሩዎት።

ልጅዎ ሄራን
ፓራዳይዝ፣ ላስ ቬጋስ
ጥቅምት 12 ቀን 2018 ዓ.ም.