ከሀያት ትራስ ሥር ያለው ድንጋይ

ኅዳር 2፣ ሰኞ፣ ከምሽቱ 1 ሰ.

ሦስት ሹሩባ፣ አንድ ቁጥርጥር ሠራሁ። ጣቴ ተላጠ። ደብተሬ፣ ዛሬ ተሸወድኩ። እኔ፣ በሰኞ ገበያ ሰው ሁሉ የማሾፍ ዘሀራ!

ከኩታበር የጠጉር ቅቤ የምታመጣልኝን ብርቄን ታውቂያታለሽ፤ እኩያዬን። ከሰኔ ወዲህ ጠፍታብኝ ነበር። ዛሬ በሷ ፈንታ እናቷ መጣች። "እማማ፣ ልጅዎን ሳይነግሩኝ ዳሯት እንዴ?" ብዬ ቀለድኩ። አልሳቀችም። ቅቤውን ሸጣልኝ ፊቷን አዙራ ሄደች።

ቤት ገብቼ ቅቤውን ብቆርጠው መሀሉ ላይ ድንጋይ። ጥቁር፣ የእንቁላል ያህል። ሚዛን እንዲያነሳ ብላ ነው፤ እሱስ የታወቀ ሌብነት ነው። የገረመኝ ሌላ ነው። ዳር ዳሩ ትኩስ ቅቤ፣ ድንጋዩ አጠገብ ያለው ግን ስንት ዓመት እንደከረመ እንጃ፣ አፍንጫ ይሰነፍጣል። ድንጋዩ እንደ ብረት ከበደኝና መርፌ አስጠጋሁለት። ልጥፍ!

ኅዳር 4፣ ረቡዕ

ሆዴን እስኪያመኝ ሳቅሁ። ሉባባ፣ ጎኔ ተቀምጣ ሹሩባ የምትሠራው፣ ደንበኛዬን የምትነጥቀኝ፣ ለቀበሌ ስብሰባ ስትነሳ ድንጋዩን ዘንቢሏ ውስጥ ከወተቷ ሥር ሸጎጥኩት። ተመልሳ ከፈተችው። ወተቱ እርጎ ሆኗል፣ እርጎውም ሻግቷል። ሙዟ እንደ ከሰል ጠቁሯል።

"ወላሂ ጠዋት ነው የታለበው!"

"የራስሽ ዐይን ነዋ፣ ምሳሽን በላው" አልኳት። አንድ እግር ጫማዋን ወረወረችብኝ።

ድንጋዬን በዘዴ መልሼ ኪሴ ከተትኩ። ግን አንድ ነገር ደስ አላለኝም። ኪሴ ውስጥ ሳገላብጠው የዋልኩበት የቀኝ እጄ ጥፍር ረዝሟል። ትናንት ነው የቆረጥኩት። ግራዬ ደህና ነው።

ኅዳር 5፣ ሐሙስ

ድንጋዩ የለም። እማ ቀሚሴን አጥባዋለች። አልጠየቅኳትም፤ ከየት አመጣሽው ብትል ምን እላለሁ? ይጥፋ። ግልግል።

ኅዳር 8፣ እሑድ፣ ጠዋት

በችኮላ ነው የምጽፈው፤ ጽሑፌን አትዪብኝ።

እህቴ ራህመት አራስ ናት። ለመውለድ ከባሏ ቤት ከኮምቦልቻ እኛ ጋ መጥታ ነው። ልጇ ሀያት ዛሬ ሃያ ቀኗ ነው። ጠዋት ስታጠባት ራህመት ጮኸች። ነከሰቻት። አፏን ከፈት አድርገን አየን። አራት ጥርስ።

እማ ማሻአላህ አለች፣ ድምጿ ግን ተሰበረ። እኔ ትራሱን አነሳሁ። ለአራስ ተብሎ የተቀመጠው ቢላዋ የለም። ድንጋዬ ተኝቷል።

እማ ከኪሴ ነው ያገኘችው። መርፌዋ ሲጣበቅበት "ብረት ነው" አለች። አራስ ቤት ከትራስ ሥር ብረት አይጠፋም፣ ጅን እንዳይቀርብ። ቢላዋው ደግሞ ለሽንኩርት ይፈለጋል። ለወጠቻቸው። ሦስት ሌሊት!

ቅቤውን፣ ወተቱን፣ ጥፍሬን ሁሉ ነገርኳት።

"ቀልድሽን ለገበያ አቆዪው፤ እዚህ አራስ አለች።"

ማልኩላት። ስንት ጊዜ በውሸት እንደማልኩ በጣቷ ቆጠረችልኝ። ጣቷ አለቀ። ዞር ስትል ጠብቄ ሰረቅሁትና እንጨት ቤት ውስጥ ቀበርኩት።

ኅዳር 9፣ ሰኞ፣ ከቀኑ 10 ሰ.

ገበያ። ሥራ አልሠራሁም። የኩታበሯን ሴትዮ ስጠብቅ ዋልኩ። መጣች። እማማ ያ ድንጋይ ምንድነው አልኳት።

"ዘሀራ፣ እማማ አትበይኝ። እኔ ብርቄ ነኝ።"

ልስቅ ስል ቀረብ ብዬ አየኋት። አገጯ ላይ ያለው ጠባሳ የብርቄ ነው። ነጠላዋን ሸሸት አደረገች። አምና በእጄ የጎነጎንኩት ጠጉር ግማሹ ሽበት ነው።

ወንድሟ የቤት መሠረት ሲቆፍር ነው ያገኘው፤ የሰው ቁመት ያህል ወርዶ፣ ከጠፍጣፋ አለት ሥር። ለሚዛን ይሆነኛል ብላ ክረምቱን ሙሉ መቀነቷ ውስጥ ይዛው ከረመች። የሚያስረጃት እሱ መሆኑ ሲገባት በቅቤው ሸኘችው። ልትጎዳኝ ብላ እንዳልሆነ እያለቀሰች ማለች። የሄደውን ዕድሜ ይመልሳል ወይ አልኳት። አይመልስም ብላ ራሷን ነቀነቀች። ጉድጓዱ አሁንም እንዳልተደፈነ ነገረችኝ፤ ቦታውን አስረዳችኝ።

ዛሬውኑ፣ ከምሽቱ 12 ሰ.

ቤት ስገባ ቤቱ በጎረቤት ሴት ተሞልቷል። ሀያት ቆማለች! የአልጋውን ጠርዝ ይዛ ቆማ ትስቅልኛለች።

እንጨት ቤት የቀበርኩበት ቦታ ባንድ ሌሊት ጉልበት የሚደርስ ሣር በቅሎበታል። እማ ቆፍራ አገኘችው። ልጅቷ እንዲህ ስታድግ ዐይን ይበላታል ብለው ቆዳ ውስጥ አሰፍተው አንገቷ ላይ አስረውታል። ሲያስሩት ሰው ሁሉ መርቋል። አየሽ ደብተሬ? ባደገች ቁጥር ይፈራሉ፤ በፈሩ ቁጥር ያጠብቁታል። በዚህ አያያዝ እስከ ረመዷን ከእናቷ ትበልጣለች።

ፍቱት ብዬ ጮህኩ። ሉባባም መጥታ ነበር። ወተቷን አስታወሰች። አፏን በሻሿ ሸፍና ለጎኗ ሴት አንሾካሾከች። ሁሉም እኔን አዩኝ። እማ ሀያትን አንስታ ጀርባዋን ሰጠችኝ። እናቴ!

ኅዳር 10፣ ማክሰኞ፣ ንጋት

ሀያት ዛሬ ሰው እንዳያያት ወደ ኮምቦልቻ ልትወሰድ ነው። ከሄደች ማን ያምነኛል? ማን ደርሶ ይፈታላታል?

ራህመትን ለመንኳት። የሀያት ጠጉር ትከሻዋ ደርሷል፣ ለመንገድ ልሥራላት አልኳት። እንደ ድሮዬ ቀልጄ፣ አስቄ። እሺ አለች። እማ ግን ከአጠገቤ አትነሳም።

መቀሴን ስያለሁ። ድንጋዩን በእጄ ይዤ፣ ከአለቱ ሥር ልመልሰው በእግሬ ኩታበር እሄዳለሁ፤ ሚኒባስ ውስጥ ሕፃን አይጠፋም። ስመለስ ስሜ ቡዳ ይሆናል፣ አውቃለሁ። የራሴ እናት በር ላትከፍትልኝ ትችላለች። ፈርቻለሁ፣ ወላሂ ይሄን በውሸት አልማልኩም።

አንገቷ ላይ ያሰሩበት ክር ወፍራም ነው፣ ድርብ። የመጀመሪያውን ስቆርጥ ሀያትን አስቃታለሁ። ሁለተኛውን ስቆርጥ እሮጣለሁ።